የአንኮበር ቤተ መንግሥትና ባለቤቶቹ



በየዓመቱ በምናወጣት በዚች መጽሔት ላይ አብዛኛውን ጊዜ የሚጻፈው ስለ ወርኃዊ መዋጮ፣ ስለ ድንኳንና ስለ ወንበር፣ እንዲሁም በዓመቱ ውስጥ ስለ ተለዩን ወገኖቻችን ነው። ይህ ተገቢ ነው። ዘንድሮ ግን አዘጋጆቹ «ታሪክ ነክ የሆነ ነገርም ይጨመርበት» ስላሉን፣ እኛም ከአባቶቻችን የሰማነውንና በጡረታ ዘመናችን ያነበብነውን አስተያይተን ስለ አንኮበር ቤተ መንግሥት ጥቂት ለመጻፍ ተነሣን። ትምህርታችን ከአንደኛ ደረጃ ያላለፈ፣ ዕድሜያችንን በመዝገብ ቤት ያሳለፍን ሰዎች ነን። ስለዚህ የሊቃውንት ጽሑፍ አትጠብቁብን። መዝገብ እንደሚያዝ አድርገን፣ ማን ሠራው፣ ማን ኖረበት፣ ማን አቃጠለው፣ በመጨረሻስ ለምን ጠፋ የሚለውን በተራ እናስቀምጣለን።

አንኮበርን የመረጥንበት ምክንያት አለን። በሰፈራችን ካሉት ቤተሰቦች ብዙዎቹ አያት ቅድመ አያታቸውን ሲቆጥሩ ከቡልጋ፣ ከተጉለት፣ ከመንዝ፣ ከይፋት ነው የሚደርሱት። ለቅሶ ላይ ስንቀመጥም ወሬው ዞሮ ዞሮ እዚያው ነው። አንዱ «ምኒልክ የተወለዱት አንኮበር ነው» ይላል፣ ሌላው «የለም፣ አንጎለላ ነው» ይላል፣ ክርክሩ ቡና እስኪፈላ ድረስ ይቆያል። ይህንንም ከዚህ በታች በቦታው እናነሣዋለን።

፩. ቦታው

አንኮበር ከአዲስ አበባ በደብረ ብርሃን በኩል 172 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። ከደብረ ብርሃን ወደ ምሥራቅ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ሲኬድ ደጋው በድንገት ያልቃል፤ ከዚያ ወዲያ ገደል ነው። ከገደሉ ሥር ቆላው ይጀምርና እስከ አዋሽ፣ እስከ አፋር በረሃ ድረስ ይዘረጋል። ሰማዩ ጥርት ባለ ቀን ከላይ ሆኖ ወደ ታች ለሚያይ ሰው፣ አገሩ በሙሉ እንደ ሰሌን ተዘርግቶ ይታየዋል። ጉም በገባ ቀን ደግሞ አጠገቡ የቆመውን ሰው እንኳ አያይም።

ስለ ስሙ አባቶች የሚናገሩት አንድ ነው። አንኮ የምትባል የኦሮሞ እመቤት በዚያ ትገዛ ነበርና የእርሷ በር ለማለት «አንኮ በር» ተባለ ይላሉ። በር መባሉ ለቦታው ተስማሚ ነው። ከባሕር ጠረፍ፣ ከታጁራ ተነሥቶ በበረሃው አቋርጦ ወደ ሸዋ የሚወጣ ነጋዴ ሁሉ የሚገባው በዚያ ነበርና። ከአንኮበር ሥር አልዩ አምባ የሚባለው የእስላም ነጋዴዎች ከተማ ነበረ። በየዓርቡ በሚቆመው ገበያው ላይ አሞሌ ጨው፣ ጨርቅ፣ ቡናና የዝሆን ጥርስ ይለወጥ ነበር። መደበቅ አይገባንምና፣ በዚያ አካባቢ ሰውም ይሸጥ ነበር። ይህን ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

፪. የመጀመሪያዎቹ ባለቤቶች

የሸዋ መሳፍንት ቤት አባት አቤቶ ነጋሢ ክርስቶስ ናቸው። መነሻቸው መንዝ ነው። ከጎንደሩ ንጉሥ ከዐፄ ኢያሱ ሹመታቸውን ለማጽናት ሄደው እዚያው ጎንደር በፈንጣጣ በሽታ ሞቱ። ከእርሳቸው በኋላ ልጃቸው ሰብስትያኖስ፣ ቀጥሎም አብዬ ገዙ። እነዚህ ሁሉ ኑሯቸው በመንዝና በአካባቢው ነበረ። በ18ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ላይ ግን የአብዬ ልጅ አምኃ ኢየሱስ ወደ ምሥራቅ ገፍተው የአንኮበርን አምባ ያዙና መቀመጫ አደረጉት። ከእርሳቸው በኋላ መርዕድ አዝማች አስፋ ወሰን ግዛቱን አሰፉት።

ቀጥሎ የተተኩት ወሰን ሰገድ ራስ የሚለውን ማዕረግ ወስደው የኖሩት በቁንዲ ነው። እርሳቸው በ1805 ዓ.ም. ገደማ በሰው እጅ ተገደሉ። በዚያን ጊዜ ልጃቸው ሣህለ ሥላሴ የአሥራ ስምንት ዓመት ያህል ወጣት ሆነው በሰላ ድንጋይ ገዳም በትምህርት ላይ ነበሩ። ታላቅ ወንድም ነበራቸው፤ ነገር ግን የአባታቸውን ሞት ሲሰሙ ፈጥነው ወደ ቁንዲ ገሠገሡና ቀድመው መንበሩን ያዙ። እናታቸው ወይዘሮ ዘነበ ወርቅ ሰላ ድንጋይን ሲያስተዳድሩ የኖሩ ትልቅ ሴት ነበሩ።

፫. የሣህለ ሥላሴ ዘመን

አንኮበር በጣም የገነነው በእኒህ ሰው ጊዜ ነው። ሣህለ ሥላሴ የሸዋ፣ የይፋት፣ የኦሮሞና የጉራጌ ንጉሥ ተብለው ንግሥናን በሸዋ ቤት የጀመሩ የመጀመሪያው ናቸው። እስከ 1840 ዓ.ም. ድረስ 34 ዓመት ያህል ገዙ። ለክረምትና ለበጋ እየለዋወጡ በአንኮበር፣ በአንጎለላና በደብረ ብርሃን ይቀመጡ ነበር።

ቤተ መንግሥት ሲባል አሁን እኛ የምናውቀውን የድንጋይ ፎቅ አታስቡ። በአንኮበር ኮረብታ ጫፍ ላይ የቆመው ቤት በእንጨትና በጭቃ የተሠራ፣ ጣራው በሣር የተከደነ ነበር። ቁመቱና ስፋቱ ግን ከሕዝቡ ቤት የተለየ ነው። በዙሪያው የእልፍኝ፣ የግምጃ ቤት፣ የጠጅ ቤት፣ የወጥ ቤትና የጎተራ ጎጆዎች ተሰድረው ነበር። ኮረብታውን ደግሞ የእንጨት አጥር እንደ ጥምጥም እየዞረ ከሥር እስከ ላይ ከብቦት ነበር። ወደ ንጉሡ ለመድረስ የሚፈልግ ሰው በር በር እያለፈ መውጣት ነበረበት። ከኮረብታው ሥር ያለው ከተማ ከአሥር ሺህ ሕዝብ በላይ እንደ ነበረበት በዚያ ዘመን ያዩት የውጭ አገር ሰዎች ገምተዋል።

የውጭ አገር ሰዎችም በተራ በተራ መጥተዋል። በ1831 ዓ.ም. ክራፕፍና ኢዘንበርግ የተባሉት ሚሲዮናውያን ገቡ። ክራፕፍ እስከ 1834 ዓ.ም. በአንኮበር ቆይቷል። ፈረንሳዊው ሮሼ ዴሪኩርም ተከትሎ መጣ። ከሁሉም ይልቅ ብዙ የተወራለት ሻለቃ ኮርንዋሊስ ሃሪስ የመራው የእንግሊዝ መልእክተኛ ነው። ሃሪስ በ1833 ዓ.ም. ክረምት ጠመንጃና መድፍ ጭኖ ወጣ። በኅዳር 1834 ዓ.ም. ንጉሡ ከእንግሊዝ ጋር የወዳጅነትና የንግድ ውል ተዋዋሉ። ሃሪስ ወደ አገሩ ከተመለሰ በኋላ በ1836 ዓ.ም. ለንደን ላይ ሦስት ቅጽ መጽሐፍ አሳትሟል። ስለ አንኮበር ቤተ መንግሥት አሠራር ዛሬ የምናውቀው አብዛኛው ነገር በእንግዶች እጅ ስለ ተጻፈ ነው የቀረልን። የእንግዳ ዐይን ደግሞ ሁሉን አያይም፤ ያየውንም ሁሉ በቅን አይጽፍም። ባይጻፍ ኖሮ ግን ይኸም አይኖርም ነበር።

ዲሜጥሪዮስ የተባለ የውጭ አገር ግንበኛም ለንጉሡ የውሃ ወፍጮ ሠርቶላቸው ነበር። ወፍጮው ያለ ሰው እጅ ሲፈጭ ካህናቱ «የሰይጣን ሥራ ነው» አሉና ቆመ። ይህ ሲነገር ያስቃል። ነገር ግን ወፍጮው ሲቆም ወደ ድንጋይ ወፍጮ የተመለሱት እነማን ናቸው? ለንጉሡ ግብር የሚቀርበውን እንጀራ የሚፈጩት፣ የሚጋግሩት፣ ያንን ዳገት ውሃ ተሸክመው የሚወጡት ሴቶች ናቸው። ብዙዎቹም በባርነት የተያዙ ነበሩ። የንጉሡን ቤት ስናደንቅ የእነዚህን ጀርባ መርሳት የለብንም። ስማቸው በየትኛውም መጽሐፍ አልተጻፈም።

ስለ ሣህለ ሥላሴ ሁለት ነገር አብሮ መነገር አለበት። አንደኛው፣ በ1820ዎቹ መጀመሪያ ዓ.ም. ድርቅ ገብቶ አገር ሲራብ የመንግሥቱን ጎተራ አስከፍተው ሕዝቡን መመገባቸው ነው። በዚህም ሕዝቡ ወዷቸዋል። ሁለተኛው፣ በጎንቾ ያለው እስር ቤት ነው። የሸዋ ገዢዎች ለመንበሩ የሚያሠጓቸውን የገዛ ዘመዶቻቸውን በጎንቾ በሰንሰለት አስረው ያስቀምጡ ነበር። ልጅነታቸውን በሙሉ በዚያ ያሳለፉ ነበሩበት። ሣህለ ሥላሴ በመጨረሻ ከእነዚህ እስረኞች መካከል የፈቷቸው፣ ሃሪስ በአገሩ ሳለ ነው። እንግዲህ አንድ ሰው ጎተራ የሚከፍትም፣ ዘመዱን የሚያስርም ሊሆን ይችላል። ታሪክ ስንጽፍ አንዱን ወስደን ሌላውን መተው ደግ አይደለም።

ወደ ለቅሶ ቤቱ ክርክር እንመለስ። ምኒልክ የተወለዱት ነሐሴ 12 ቀን 1836 ዓ.ም. በአንጎለላ ነው። የክርስትና ስማቸው ሣህለ ማርያም ነው። አባታቸው የሣህለ ሥላሴ ልጅ ኃይለ መለኮት፣ እናታቸው ወይዘሮ እጅጋየሁ ናቸው። አንኮበር የሚሉት ወገኖችም ጨርሶ አልራቁም፤ አንኮበር የአያትና የአባት ቤታቸው፣ ኋላም የራሳቸው ቤተ መንግሥት ነውና። የተወለዱበት ግን አንጎለላ ነው። ከእንግዲህ በዚህ ነገር ቡና እንዳይበርድ።

፬. ባለቤቱ ራሱ ያቃጠለው ቤት

ሣህለ ሥላሴ በጥቅምት 1840 ዓ.ም. ሲያርፉ ኃይለ መለኮት ተተኩ። ብዙ ጊዜ አላገኙም። በ1847 ዓ.ም. የነገሡት ዐፄ ቴዎድሮስ አገሩን በአንድ ዘውድ ሥር ለመሰብሰብ ተነሥተው ወሎን አልፈው በሸዋ ላይ ዘመቱ። ኃይለ መለኮት ጦሩን መቋቋም እንደማይችሉ ሲያውቁ፣ ንብረቱና እህሉ በጠላት እጅ እንዳይወድቅ ብለው አንኮበርን አቃጠሉ። እስቲ አስቡት፤ አያትና ቅድመ አያት በብዙ ሰው ጉልበት የሠሩትን ቤትና አባት ለረሃብ ቀን የከፈቱትን ጎተራ ልጅ በገዛ ትእዛዙ አመድ አደረገው። ቤቱን ያነደደው የመጣው ጠላት አይደለም፤ ፍርሃትና ጭንቀት ነው።

ኃይለ መለኮትም ታመው በ1848 ዓ.ም. መጀመሪያ ሞቱ። የሸዋ መኳንንት የ11 ዓመቱን ምኒልክን ይዘው በበረከት ላይ ተዋጉና ተሸነፉ። ልጁ ተማርኮ ወደ መቅደላ ተወሰደ። በሸዋም የምኒልክ አጎት ኃይለ ሚካኤል ተሾሙ፤ ቀጥሎ ሰይፉ ሣህለ ሥላሴ ሸፈቱ፤ ኋላም የተሾሙት በዛብህ ራሳቸውን ንጉሥ አሰኙ። ባለቤት ሲፈራረቅ የሚጎዳው ማን እንደ ሆነ ሁላችንም እናውቃለን፤ ባላገሩ ነው።

ምኒልክ በመቅደላ አሥር ዓመት ያህል ኖረው በ1857 ዓ.ም. ሰኔ ላይ አመለጡ። የወሎዋ ወይዘሮ ወርቂት የራሳቸው ልጅ በቴዎድሮስ እጅ እስረኛ ሆኖ ሳለ ምኒልክን አሳልፈው ሰደዱ። ልጃቸውም በዚሁ ቁጣ ተገደለባቸው። ይህችን እናት ሳናነሣ የአንኮበርን ታሪክ ማለፍ አልሆነልንም። የምኒልክ ወደ አባታቸው ቤት መመለስ የተከፈለው በአንዲት የወሎ እናት ሐዘን ነው። በዚያው ዓመት ነሐሴ ላይ ምኒልክ በዛብህን ድል አድርገው የሸዋ ንጉሥ ሆኑ።

፭. የምኒልክ አንኮበር

ምኒልክ በመጀመሪያ መቀመጫቸው በደብረ ብርሃን አጠገብ ያለው ልቼ ነበር። በመጋቢት 1870 ዓ.ም. ከዐፄ ዮሐንስ ጋር የታረቁትም በልቼ ነው። የተቃጠለውን የአንኮበር ቤተ መንግሥትም እንደገና አሠሩት። በዚህ ጊዜ ድንጋይና ኖራ ገባበት። እንጨቱ የሚመጣው ጽድና ዝግባ ከሚበቅልበት ከአካባቢው ደን ነበር፤ ወፍ ዋሻ የሚባለው ጥንታዊ ጫካ ከአንኮበር ሩቅ አይደለም።

በ1868 ዓ.ም. በማርኪስ አንቲኖሪ የሚመራ የኢጣልያ የጂኦግራፊ ማኅበር ጓድ መጣ፤ ንጉሡም በአንኮበር አጠገብ ልጥ ማረፊያ የተባለውን ቦታ ሰጧቸው። አንቲኖሪ በ1874 ዓ.ም. እዚያው ሞቶ እዚያው ተቀበረ። በ1871 ዓ.ም. ደግሞ ኢልግ የተባለው የስዊስ መሐንዲስ አንኮበር ደረሰ፤ ከዚያ በኋላ ብዙ ዘመን በምኒልክ አጠገብ ኖሯል። ፈረንሳዊው አርቱር ራምቦ በ1879 ዓ.ም. ጠመንጃ ጭኖ በብዙ ድካም በረሃውን አቋርጦ አንኮበር ሲደርስ ግን ንጉሡን አላገኛቸውም፤ መቀመጫቸው ወደ እንጦጦ ተዛውሮ ነበር።

ይህ የራምቦ ነገር ታሪኩን ጠቅልሎ ይነግረናል። ነጋዴው ገና በአሮጌው በር ሲገባ፣ የቤቱ ጌታ በሌላ በር ወጥቶ ነበር።

፮. ታዲያ ለምን ጠፋ?

ሰው ሁሉ የሚለው «ቴዎድሮስ አቃጠሉት» ወይም «ጣልያን አፈረሰው» ነው። ነገሩን በረጋ መንፈስ ስናየው ግን ዋናዎቹ ምክንያቶች እነዚህ ናቸው።

አንደኛ፣ ግዛቱ ወደ ደቡብና ወደ ምዕራብ ሲሰፋ አንኮበር ዳር ቀረ። ንጉሡ በ1870ዎቹ ዓ.ም. ወደ እንጦጦ፣ ከዚያም ወደ አዲስ አበባ ወረዱ። ንጉሠ ነገሥት ተብለው በ1882 ዓ.ም. የነገሡትም በእንጦጦ ማርያም ነው።

ሁለተኛ፣ ንግዱ ሄደ። በ1879 ዓ.ም. ሐረር ከተያዘ በኋላ ዋናው መንገድ በሐረር በኩል ሆነ። በ1909 ዓ.ም. ደግሞ የጅቡቲው ባቡር አዲስ አበባ ገባ። ከዚያ በኋላ በግመል ከታጁራ ወደ አልዩ አምባ የሚወጣ ነጋዴ ምን ሊያደርግ ይመጣል?

ሦስተኛ፣ ቤቱ ሲበዛ የእንጨትና የጭቃ ነበር። እንዲህ ያለ ቤት ዝናብ ከገባበትና ጣራውን የሚከድንለት ካጣ አይቆይም። ይህን ለማወቅ መሐንዲስ መሆን አያሻም፤ በየሰፈራችን ያለውን የጭቃ ቤት ማየት ይበቃል።

ጌታው ከሄደ በኋላ አንኮበር ግምጃ ቤትና የታላላቅ እስረኞች ማቆያ ሆነ። የዐፄ ዮሐንስ ልጅ ራስ መንገሻ በምኒልክ ላይ ሸፍተው ከተያዙ በኋላ እስከ ዕለተ ሞታቸው የታሰሩት በአንኮበር ነው። ንጉሥ ያስታርቅበት የነበረ አምባ የንጉሥ ልጅ ማሰሪያ ሆነ። የዘር ሐረጉ ግን አልተቋረጠም። የራስ መኰንን እናት ወይዘሮ ተናኘ ወርቅ የሣህለ ሥላሴ ልጅ ናቸው፤ ስለዚህ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በዚህ በኩል የአንኮበር ልጅ ናቸው። ዙፋኑ ግን በአዲስ አበባ ነበር፤ በ1967 ዓ.ም. መስከረም ላይ ከዙፋን የወረዱትም በዚያው ነው።

ከዓመታት በፊት ለለቅሶ ወደ ደብረ ብርሃን በሄድንበት ጊዜ፣ ከዕድራችን ሰዎች ጋር አንኮበር ድረስ ዘልቀን ኮረብታውን ወጥተን ነበር። ጉልበታችን እያመመን፣ በየመዞሪያው እየተቀመጥን ነው የወጣነው። ከምኒልክ ቤተ መንግሥት የቀረው በድንጋይና በኖራ የተገነባ አንድ ረዥም የግንብ ቅሬታ ነው። ከእኛ መካከል አንዱ ግንቡን በእጁ ነክቶ፣ «ይኸ ብቻ?» አለ። መልስ የሰጠው የለም። በኮረብታው ላይ በቀድሞው ቤተ መንግሥት አምሳል የተሠራ የእንግዳ ማረፊያም አለ። ለአገሩ ገቢ ነውና መልካም ነው፤ አሮጌው ቤት ግን እርሱ አይደለም።

፯. ይህ ለዕድራችን ምኑ ነው?

«ታዲያ ይህ ሁሉ ለዕድር ምን ይጠቅማል?» የሚል አይጠፋም። እኛ እንዲህ እንላለን።

የአንኮበርን ነገሥታት ስም ከነጋሢ ክርስቶስ እስከ ምኒልክ መቁጠር ይቻላል። ደንጊያውን ያመጡት፣ ጽዱን ያወረዱት፣ ኖራውን ያቦኩት፣ ውሃውን ያወጡት ግን ስንት እንደ ነበሩ እንኳ አይታወቅም። ቤቱም ጠፋ፣ እነርሱም ጠፉ። ለነገሥታቱ መጽሐፍ ቀረላቸው፤ ለሠራተኞቹ ምንም። የቤቱ መፍረስ አንድ ጉዳት ነው፤ የሰው ስም ሳይጻፍ መቅረት ግን የባሰ ጉዳት ነው፤ ግንብ ቢፈርስ ይሠራል፣ ያልተጻፈ ስም ከየት ይመጣል?

እኛ በመዝገብ ቤት ስንሠራ ያየነው አለ። በአንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ ቦታ ጠበበ ተብሎ ያረጁ መዝገቦች በኪሎ ተሸጡ። ከጥቂት ቀን በኋላ ከሱቅ ስኳር ስንገዛ የተጠቀለለበት ወረቀት የእኛው መሥሪያ ቤት ነበር። የደመወዝ ዝርዝር ነው፤ የጥበቃ፣ የጽዳት፣ የተላላኪ ስም ተጽፎበታል። ለዚያ ሰው በዚህ ዓለም ላይ መኖሩን የሚመሰክርለት ምናልባት ያ ወረቀት ብቻ ይሆን ይሆናል። ስኳሩ ካለቀ በኋላ ወረቀቱ እሳት ገባ። አንኮበርን ለማቃጠል የግድ ጦር መምጣት የለበትም፤ እንዲህም ይቃጠላል።

የዕድራችን መዝገብ ግን ሌላ ነው። በእርሱ ላይ ኮሎኔሉም፣ ባለ ሱቁም፣ እንጀራ ጋግራ የምትሸጠዋም፣ ዘበኛውም በአንድ ዓይነት መስመር ላይ ነው የተጻፉት። መዋጮውም እኩል ነው፤ ድንኳኑም እኩል ይተከላል። እንዲህ ያለ መዝገብ አንኮበር ላይ አልነበረም። ያለንን ብናውቅበት ትልቅ ሀብት ነው።

ስለዚህ ለጠቅላላ ጉባኤው አንድ ሐሳብ እናቀርባለን። በመዝገባችን ላይ አሁን ያለው የአባሉ ስም፣ የቤት ቁጥርና የከፈለበት ቀን ብቻ ነው። ከዚህ ላይ ሦስት ነገር ይጨመር፤ የአባትና የእናት ሙሉ ስም፣ የትውልድ ቀበሌ፣ አባሉ በዕድሜው የሠራው ሥራ። ለዚህ የሚያስፈልገው አንድ ትልቅ ባለ ጠንካራ ሽፋን ደብተርና የአንድ ሰው የእሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። ጽሕፈቱን እኛ ያለ ክፍያ እንሠራለን። አረጋውያን አባሎቻችን ወደ እኛ መምጣት ባይችሉ በየቤታቸው እንሄዳለን። ልጆች ደግሞ አባትና እናታቸውን አሁን ይጠይቁ። ለቅሶ ላይ የሕይወት ታሪክ ለማንበብ ሲፈለግ «የተወለዱበትን አናውቅም» እየተባለ ባዶ መስመር ሲዘለል ስንቴ ሰማን!

በኮረብታ ላይ የተሠራው ቤት ሄዷል። በደብተር የተጻፈ ስም ግን፣ ደብተሩን የሚጠብቅ ሰው እስካለ ድረስ ይኖራል። የዕድራችንን ዳኛና ጸሐፊ በዚህ ነገር ላይ እንዲያስቡበት፣ አባሎችም በሚቀጥለው ስብሰባ ላይ ሐሳባችሁን እንድትሰጡበት በአክብሮት እንጠይቃለን።

ያለፉትን ነፍስ ይማርልን፤ ያለነውን ፈጣሪ በሰላም ያኑረን።